ሕመሜን መስማት ያልፈለገው አለቃ

ቆላ አብሮኝ ያስተምር የነበረ ወዳጄ በቅርቡ ደውሎ፣ ስኳሬ እንደ ጠናብኝ ሲሰማ፣ «ታዲያ የሐኪም ቦርድ አስወስነህ ቀለል ወዳለ ቦታ ለምን አትዛወርም?» አለኝ። የዋህ ጥያቄ ነው፤ እኔም ብሆን ወደ አሜሪካ ከመምጣቴ በፊት ይህንኑ እጠይቅ ነበር።

የምሠራውን የዋሽንግተንን የመኪና ማቆሚያ ሥራ የማያውቅ አበሻ ስለሌለ ዝርዝሩን ልለፈው። ድርጅቱ ከገንዘብ መቀበያው ዳስ አንሥቶ፣ የደንበኛ መኪና እየሮጥን ወደምናመጣበት፣ መጸዳጃ ቤቱም ከብዙ ደረጃ በላይ ወደሆነ የምድር ቤት ጋራዥ አዛወረኝ። እኔም እንደ አገሬ ልማድ ሕመሜን ከሥሩ ለመተረክ ተዘጋጅቼ አለቃዬ ዘንድ ገባሁ። ገና «ስኳር» ስል እጁን ዘርግቶ አስቆመኝና «ምን እንዳመመህ እንድትነግረኝ አልፈልግም፤ የሰው ኃይል ክፍልን አነጋግር» አለኝ። ያ የተዘረጋ እጅ እስከ ዛሬ ከዓይኔ አልጠፋም። ስንት ተማሪ ያስተማርኩ ሰው፣ እንደ ለማኝ በር ላይ የተመለስኩ ያህል ተሰማኝ። በአገሬ ቢሆን አለቃው አስቀምጦ ይጠይቀኛል፣ ጸበል ይመክረኛል፣ ባልደረቦቼም ብርቱካን ይዘው ቤቴ ይመጣሉ። እርግጥ ነው፣ ያው አለቃ እኔ ቤቴ ሳልደርስ ሕመሜን ለመምህራን ማረፊያ ክፍል ያዳርሰው ነበር፤ የዝውውር ወቅት ሲደርስ ብቻ የሚነሣ አስም ያለባቸው ባልደረቦችም አልነበሩንም አልልም።

ለካስ እጁን ያስዘረጋው ሕግ ኖሯል። እ.ኤ.አ. በ1990 የወጣው፣ እንደ እኔ ያለውንም ሕመምተኛ የሚመለከተው የአሜሪካ የአካል ጉዳተኞች ሕግ፣ አሠሪው የሠራተኛውን የጤና መረጃ ከግል ማኅደሩ ለይቶ በምስጢር እንዲይዝና የቅርብ አለቃውም ሠራተኛው የማይችለውና የሚያስፈልገው ነገር ብቻ እንዲነገረው ያዝዛል። ስለዚህ ሐኪሜ እንዲሞላ የተሰጠው ቅጽ ምን ያህል ፓውንድ እንደማነሣ፣ ስንት ደቂቃ እንደምቆም፣ በየስንት ጊዜው እረፍት እንደሚያስፈልገኝ የሚጠይቅ ነበር። «ሕመምተኛ ነው» የሚል ማኅተም ያረፈበት ወረቀት እዚህ ብዙም አይረዳም።

በመጨረሻ ወደ ሌላ ዳስ ተዛወርኩ፤ የሰዓት ክፍያዬ ግን ቀነሰ። ወዳጄ ያላመነኝ ይህን ነው፤ ደረጃና ደመወዛቸው ሳይነካ ከቆላ ወደ ደጋ የወጡ መምህራንን አብረን ሸኝተናልና። እዚህ ሕጉ አሠሪውን አዲስ መደብ ፍጠር ወይም ሌላውን አስነሥተህ አስቀምጠው አይለውም፤ ተመጣጣኝ ክፍት ቦታ ከሌለ ዝቅ ያለውን ሊሰጥ ይችላል።

ልትመጡ ያሰባችሁ ሁሉ የሕክምና ማስረጃችሁን ይዛችሁ ኑ። እንደ ደረሳችሁም ሥራ እንዳላጣ በማለት ሕመም አትደብቁ፤ ሕመሙ የሚከለክላችሁን ሥራ በጽሑፍ አሳውቁና ቅጂውን አስቀሩ። ይህ ሕግ የሚመለከተው 15 እና ከዚያ በላይ ሠራተኛ ያላቸውን አሠሪዎች ስለሆነ፣ የአገር ልጅ ሱቅ ውስጥ በዝምድና ስትቀጠሩ ከለላው ላይኖር እንደሚችል አስቡ። በሌላ የፌዴራል ሕግ ለሕመም የሚፈቀደው የ12 ሳምንት ፈቃድም ደመወዝ የለውም፤ ድርጅቱ የሚፈለገው ስፋት ቢኖረውም እንኳ፣ አንድ ዓመት ላልሞላው ወይም በዓመቱ 1,250 ሰዓት ላልሠራ አይሰጥም። ለሕመማችሁ የሚያስፈልገውን የሥራ ማስተካከያ ያለአግባብ ከተከለከላችሁ ደግሞ ለእኩል የሥራ ዕድል ኮሚሽን አቤት የምትሉበት ጊዜ 180 ቀን፣ የራሱ ተመሳሳይ ሕግና ተቋም ባለው ስቴት 300 ቀን ነው፤ ሽማግሌ ልከን እንጨርሰው ስትሉ እንዳያልፋችሁ።