አንቀጽ 14 ላይ ያለችው ቃል

ቢሯችን ብሔራዊ ቴአትር አካባቢ ነው። ሦስተኛ ፎቅ። ከመስኮቱ አንገት ሰገግ ሲደረግ የድንጋዩ አንበሳ ይታያል። ውል፣ ውክልና፣ የልደት ሰርተፊኬት፣ የትምህርት ማስረጃ እንተረጉማለን። ማኅተም እንመታለን። ደንበኛው ወረቀቱን ይዞ ወደ ጉዳዩ ይሄዳል። ተመልሶ የሚመጣ ሰው ብዙ የለም። ከተመለሰም ለምስጋና አይደለም።

እትዬ የተመለሱት በሁለተኛው ወር ነው።

ያኔ ሥራ ከጀመርኩ ዓመት አልሞላኝም ነበር። እትዬ ለገሃር አካባቢ አንድ ሕንፃ ላይ ግራውንዱን ተከራይተው ክትፎ ቤት ሊከፍቱ ነው። የሕንፃው ባለቤት ውጭ አገር የሚኖሩ ሰው ናቸው። ውሉን ጠበቃቸው በእንግሊዝኛ አዘጋጀው። 11 ገጽ። እትዬ ግን «ያላነበብኩትን አልፈርምም» ብለው ወደ እኛ ይዘውት መጡ። ልክ ናቸው። ብዙ ሰው ፈርሞ ነው የሚያስተረጉመው።

አንቀጽ 14 ላይ ተከራይ በቤቱ ውስጥ «ስፒሪቹወስ ሊከርስ» ማከማቸትም ሆነ መሸጥ እንደማይችል ተጽፏል። ቃሏን ከዚያ በፊት አይቻት አላውቅም። ግን የማውቃት መሰለኝ። «ስፒሪቹ» የሚለውን ሳይ እጄ በራሱ ሄደ። «መንፈሳዊ መጠጦችን ማከማቸትም ሆነ መሸጥ አይችልም» ብዬ ጻፍኩ። ዓርብ ነበር፤ ከቀኑ አሥራ አንድ ሰዓት አልፏል። ድካም ነበረብኝ፤ ምክንያት ግን አይሆንም። መዝገበ ቃላቱ ክንዴ ሥር ነበር።

የቢሮው ኃላፊ ሁላችንም «ጋሼ» የምንላቸው ትልቅ ሰው ናቸው። ያለ እሳቸው ቀይ እስክሪብቶ ከቢሮው የሚወጣ ወረቀት የለም። ጠሩኝ።

«ነይ እስቲ አንቺ ልጅ። መንፈሳዊ መጠጥ የሚል ነገር እኔ የማውቀው አንድ ቦታ ነው። አንደኛ ቆሮንቶስ ምዕራፍ 10። እስራኤል በምድረ በዳ ከዓለት የጠጡት። የኪራይ ውል ውስጥ ምን ያደርጋል?»

ክው አልኩ። ፊቴ ሲግል ይሰማኛል። ጋሼ ግን አልተቆጡም። ከጎናቸው ወንበር ስበው አስቀመጡኝና ባዶ ወረቀት ላይ አራት ቃል ጻፉ። መንፈስ። ነፍስ። ነፋስ። እስትንፋስ።

«እነዚህ ሁሉ የአንድ ቤት ልጆች ናቸው» አሉኝ። «ነፈሰ ከሚለው ነው የሚመጡት። የፈረንጆቹም እንደዚሁ ነው። በላቲን ስፒሪቱስ መጀመሪያ ትንፋሽ ማለት ነው። ከዚያ ነፍስና መንፈስ ሆነ። ቆይቶ ደግሞ ከሚፈላ ነገር ላይ ተነስቶ የሚሄደውን እንፋሎት በዚያው ስም ጠሩት። ሥሩን አልሳትሽም። መጨረሻዋን ግን እያት። ስፒሪቹዋል አይደለችም። ስፒሪቹወስ ናት።»

ልዩነቱ ከጫፏ ነው። «አል» ብላ የምትጨርሰው የመንፈስ የሆነውን ትናገራለች። ጸሎት፣ ዝማሬ፣ ሕይወት። «አስ» ብላ የምትጨርሰው ደግሞ ነገሩ የሞላበትን ነው የምትናገረው። ስፒሪት የሞላበት መጠጥ። «ስፒሪትድ» የምትባል ሌላ አለች፤ እሷ ንቁና ወኔ ያለው ሰው ወይም ፈረስ ናት። ሦስቱም ከአንድ እናት ተወልደው ሦስት የተለያየ ቦታ ነው የሚውሉት።

«የአልኮል ነገር ነው፤ አስተካክዪው» አሉኝ ጋሼ። ስልካቸው ጮኸ። ተነስተው ወጡ።

አስተካከልኩ። «መንፈሳዊ» የሚለውን አጥፍቼ «የአልኮል መጠጦችን» አልኩ። ቅዳሜ ጠዋት ታተመ። ማኅተም ተመታበት። ጋሼ ያቺን ገጽ ዳግመኛ አላዩዋትም፤ አርሜያለሁ ብያቸው ነበርና። እውነት ለመናገር እኔም ተረጋግቼ ነበር። የመጀመሪያው ስሕተት ዓይን ይወጋል፤ ያነበበው ሁሉ እዚያ ላይ ይቆማል። ሁለተኛው ግን ደህና አማርኛ ነው። ሕግ ሕግ ይሸታል። ማንም አይቆምበትም። እትዬም አንብበውት ፈረሙ።

የሆነውን በኋላ ነው የሰማሁት። የሕንፃው ባለቤት ለበዓል አዲስ አበባ ገቡ። ክትፎ ቤቱን ሊያዩ ሄዱ። ክትፎ አዘዙ፤ ቀጥለው ድራፍት አዘዙ።

«ድራፍት የለንም» ተባሉ።

«እንዴት? ክትፎ ቤት ከፍታችሁ?»

እትዬ ከጓዳ ወጡ። «እርስዎ ከልክለውኝ ነዋ!»

ሰውየው ግራ ገባቸው። ሁለቱ ውሎች ጠረጴዛ ላይ ጎን ለጎን ተዘረጉ። እሳቸው የከለከሉት አረቄና ውስኪውን፣ ልጆቹ «ሃርድ» የሚሉትን ነው። ከላይ ያሉት ፎቆች የጨርቃ ጨርቅ መደብሮች ናቸው። የእሳት ኢንሹራንሱ ነው አንቀጹን ያስገባው። ነገሩ ምክንያት አለው። አልኮሉ 40 በመቶ የሆነ መጠጥ በ26 ዲግሪ ገደማ ሙቀት ብቻ እንፋሎቱ ክብሪት ካገኘ እሳት ይይዛል። ቢራ እንደዚያ አይደለም። ቢራ የሞላ መጋዘን ማንንም አያሰጋም። ውስኪ የሞላ መጋዘን ግን ለጨርቅ ነጋዴ ጥሩ ጎረቤት አይደለም።

በማግስቱ እትዬ ቢሯችን መጡ። ሁለቱን ውሎች በፌስታል ይዘዋል። የአማርኛው ጠርዝ ላይ የቅቤ ወዝ ነበረበት። ብዙ ጊዜ እንደተገለጠ ያስታውቃል። አልጮኹም። ቢጮኹ ይቀለኝ ነበር።

«የኔ ልጅ፣ ይቺን አንብቢልኝ።»

አነበብኩ።

«እዚህ ውስጥ ቢራ አለበት?»

«አዎ እትዬ። ቢራ አልኮል ነው።»

«እንግሊዝኛው ውስጥስ?»

ዝም አልኩ።

የድራፍት ማሽን ሊያስገቡ ተነጋግረው ነበር፤ ተዉት። ማታ ማታ ሰው ይገባል፣ ድራፍት ይጠይቃል፣ የለም ሲባል ይነሳል። ለምሳ የሚመጣው ብቻ ቀረ። አንዲት አስተናጋጅ አሰናብተዋል። ይህን ሲነግሩኝ እጃቸውን ጠረጴዛው ላይ አድርገው ወረቀቱን በመዳፋቸው ያለሰልሱ ነበር። ልጅቷን አላውቃትም። እስካሁን ግን ታሳስበኛለች። በአንዲት ቃል ምክንያት እንጀራዋን ያጣች ሰው አለች፤ ቃሏን የጻፍኳት እኔ ነኝ።

ይቅርታ ጠየቅኋቸው። እንደሚገባ ተቀበሉኝ። ከዚያ ያልጠበቅኩትን ጠየቁ።

«ለመሆኑ ቃሉ ምን ማለት ነው? በደንብ አስረጂኝ።»

ጋሼ የነገሩኝን ነገርኳቸው። እንፋሎት፣ ትንፋሽ፣ መንፈስ። እትዬ እየሰሙ ፈገግ አሉ። ያደጉት አርሲ ነጌሌ ነው። አገሩ በአረቄው የታወቀ ነው። እናታቸው አረቄ እያወጡ ነው ስድስት ልጅ ያስተማሩት።

«አየሽ» አሉኝ፣ «ጠላ ይጠመቃል። ጠጅ ይጣላል። አረቄ ግን ይወጣል። አረቄ ጠመቅሁ የሚል ሰው ሰምተሽ ታውቂያለሽ?»

ሰምቼ አላውቅም። በሕይወቴ ሙሉ እነዚህን ሦስት ግሦች ስጠቀም ኖሬ ለምን እንደተለያዩ አስቤ አላውቅም።

ጠረጴዛዬ ላይ ያለውን ብርጭቆ ማሰሮ አደረጉት። ድፍድፉ እዚህ ይገባል። አፉ ይደፈናል፤ ትንፋሽ እንዳይወጣ። ሸምበቆ ከዚህ ይነሳል። በወዲያኛው ጫፍ ሌላ ዕቃ ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ይቀመጣል። እሳቱ መካከለኛ መሆን አለበት። «እሳት ካበዛሽበት ውሃው አብሮ ይመጣል፤ አረቄው ይላላል» አሉ። «መጀመሪያ የሚመጣው ኃይለኛው ነው። እንደገና ብታወጪው ዳግም ይባላል። እናቴ ጠብታውን በጣቷ ቀምሳ ነበር የምታውቀው።»

ይህን የሳይንስ ሰው በሌላ ቋንቋ ይነግርሻል። አልኮል በ78 ዲግሪ ይፈላል፤ ውሃ በ100። በአዲስ አበባ ከፍታ ውሃው ቀደም ብሎ በ92 ዲግሪ ገደማ ይፈላል፤ አልኮሉም ከ78 ዝቅ ብሎ ይፈላል። ሁለቱ አብረው ሲሞቁ አልኮሉ ይበልጥ ይተናል። እንፋሎቱ ቀዝቅዞ ሲጠራቀም ከድፍድፉ ይልቅ የበረታ ይሆናል። እነ እትዬ እናት ቴርሞሜትር አልነበራቸውም። ግን ያው ነው።

ለኔ ሁሉ ነገር የተገለጠልኝ እዚያች ብርጭቆ ላይ ነው። ቢራ፣ ወይን፣ ጠላና ጠጅ ተብላልተው የሚሆኑ ናቸው። አልኮላቸው እዚያው ከነፈሳሹ ይጠጣል። አረቄ፣ ውስኪ፣ ጂንና ቮድካ ግን ትንፋሻቸው ወጥቶ ነው የሚጠጣው። ስፒሪቹወስ የምትለው እነዚህን ብቻ ነው። አረቄ የሚለው ቃላችን ራሱ ከዓረብኛ የመጣ ነው፤ በዓረብኛ ዐረቅ ላብ ነው። ላቲኖቹ ትንፋሹን አዩ። ዓረቦቹ ጠብታውን አዩ። እኛ መውጣቱን አየን። ሦስቱም ያዩት ያንኑ ማሰሮ ነው።

ከዚያ በኋላ ቅዳሜዬን ለቃሏ ሰጠሁ። አብርሆት ቤተ መጻሕፍት ገብቼ ቁጭ አልኩ። ሰው መጠጥ ቤት ገብቶ የሚላት ቃል አይደለችም። የምትኖረው ሕግ፣ ፈቃድ፣ ጉምሩክና ኢንሹራንስ ውስጥ ነው። በፈረንጆቹ 1736 የእንግሊዝ ፓርላማ ለንደንን ያጥለቀለቀውን የጂን ስካር ለመግታት ባወጣው ሕግ ርዕስ ላይ አለች። ሕጉ ቸርቻሪው በዓመት 50 ፓውንድ የፈቃድ እንዲከፍል አዘዘ። ቢራ ሻጩን አልነካውም። በ1890 ብራስልስ ላይ በተፈረመው፣ የባሪያ ንግድን በተቃወመው ስምምነት ውስጥም አንድ ምዕራፍ በዚህች ቃል ተሰይሟል። ምዕራፉ ከሰሜን 20ኛ እስከ ደቡብ 22ኛ ዲግሪ ባለው የአፍሪካ ክፍል እንዲህ ያሉ መጠጦች እንዳይስፋፉ የሚገድብ ነው። እኛ ያለንበት 9ኛው ዲግሪም እዚያው ውስጥ ነው። ስፒሪተስ የምትባል ያረጀች እህትም አለቻት። እንግሊዛዊው ባለቅኔ ጆን ሚልተን በ1667 ባሳተመው ግጥም ውስጥ የጠራ፣ የረቀቀ፣ ወደ መንፈስ የቀረበ ለማለት ነው የተጠቀመባት። እንዲህ ዓይነት ግጥም ላይ ቢሆን ኖሮ የመጀመሪያው ጽሑፌ ብዙም ባልራቀ። ውል ላይ ግን አይሆንም።

ሰኞ አዲሱን ትርጉም ይዤ ጋሼ ጋ ገባሁ። «አረቄ፣ ውስኪ፣ ጂንና ሌሎች ተነጥረው የሚወጡ መጠጦች፤ ቢራ፣ ወይን፣ ጠላና ጠጅን ሳይጨምር» ብዬ ነበር። ሁሉንም ጥርት ለማድረግ። ጋሼ አነበቡና ግማሹን ሰረዙት።

«ውሉ ቢራ አይጨምርም ብሏል?»

«አላለም።»

«እንግዲያ እኛም አንልም። ውስኪ ብሏል?»

«አላለም።»

«ተነጥሮ የሚለውን ደግሞ እትዬ ቢያዩት ቅቤ ነው የሚመስላቸው» አሉና ከራሳቸው ጋር ጥቂት ተነጋገሩ። መጨረሻ ላይ የቀረው ይህ ነው፦ «አረቄና በእንፋሎት የሚወጡ ሌሎች የአልኮል መጠጦች»። «የሚወጡ» የምትለዋ የእትዬ ናት። ጋሼ ያን ቀን የትርጉም ክፍያውን በሙሉ መለሱላቸው። ዳግመኛ ሳያዩት ላሳለፉት ገጽ እሳቸውም ይቅርታ ጠየቁ፤ ስልክ ላይ፣ እኔ እየሰማሁ።

ወረቀቱን ይዤ የሄድኩት እኔ ነኝ። ከብሔራዊ ለገሃር በእግር ቅርብ ነው። የምሳ ሰዓት ስላለፈ ቤቱ ጭር ብሏል። እትዬ መነጽራቸውን አድርገው አንቀጽ 14ን ጮክ ብለው አነበቡ። ደገሙት። ጣታቸው «የሚወጡ» ላይ ቆመ።

«ይቺ ገባችኝ» አሉ። «ቁጭ በይ፣ ምሳ አልበላሽም።»

ክትፎው መጣ። አንድ ጉርሻ አጎረሱኝ። ወረቀቱን ግን አላጠፉትም። ወደ ሚቀጥለው ገጽ ገለጡና አንቀጽ 17 ላይ ቆሙ።

«እዚህ ጋ ደግሞ ኪራዩ እንደ አስፈላጊነቱ ይሻሻላል ይላል። አስፈላጊ ነው የሚለው ማን ነው? እሳቸው ናቸው እኔ ነኝ?»

እጄን ታጠብኩና የእንግሊዝኛውን ወረቀት ከፌስታሉ አወጣሁ።