ዜማው የተወለደበት ረግረግ

አሜሪካ፣ ሜሪላንድ ግዛት ካለችው ከሲልቨር ስፕሪንግ ተነስታችሁ የቼሳፒክ ባሕረ ሰላጤን ረጅም ድልድይ ስትሻገሩ አገሩ በአንዴ ይለወጣል። ፎቅ የለም፣ ግርግር የለም። ግራ ቀኙ የበቆሎና የአኩሪ አተር ማሳ ነው። አብራኝ የመጣችው የእህቴ ልጅ ናት። ትምህርት ቤቷ ውስጥ ከመዘምራን ቡድኑ ጋር ስለምትዘምር፣ የአሜሪካ ባሮች ያዜሙበትን ምድር ለማየት ከእሷ የተሻለ የመንገድ ጓደኛ አይገኝም።

መጀመሪያ ኢስተን ቆምን። በፍርድ ቤቱ ግቢ ባርነትን በንግግሩና በብዕሩ የታገለው የፍሬድሪክ ዳግላስ የነሐስ ሐውልት አለ፤ ንግግር ላይ እያለ ነው የሚታየው። ዳግላስ በ1818 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) በዚሁ በታልበት ወረዳ ከባሪያ እናት ተወለደ። በ1838 አመለጠ። ሐውልቱ የቆመው ግን በ2011 ነው። ባርነትን ይዞ ለመቆየት ከተዋጋው የደቡብ ጦር ጋር ለተሰለፉ የወረዳው ልጆች የተሠራው ሐውልት ደግሞ እስከ 2022 ድረስ እዚያው ግቢ ውስጥ ነበር። ይህን ሳስብ ደሜ ይፈላል።

ጥላ ስር ቁጭ ብለን ዳግላስ በ1845 ካሳተመው የሕይወት ታሪኩ ስለ ዘፈን የጻፈውን ገጽ አነበብን። ባሮቹ የወር ቀለባቸውን ለመቀበል ወደ ጌታው ትልቅ ቤት ሲሄዱ ጫካው በዜማቸው ይናጥ ነበር ይላል። ባርነት ወደሌለበት ወደ ሰሜን ካመለጠ በኋላ ግን ሰዎች “ባሮችማ ይዘፍናሉ፣ ደስተኞች ናቸው” ሲሉ ሰምቶ ማመን አቃተው። ባሪያ አብዝቶ የሚዘፍነው አብዝቶ ሲከፋው ነው ብሎ መለሰላቸው። ያን ገጽ ሲጽፍ እንባው ጉንጩ ላይ ወርዶ ነበር። እኛ አገር እንጉርጉሮ ሲሰማ ያደገ ሰው ይህን ለመረዳት አይቸገርም።

ዜማው ሐዘን ብቻ አልነበረም። ዳግላስ በ1836 ከጓደኞቹ ጋር ለማምለጥ ሲዶልት “ወደ ከነዓን እሄዳለሁ” የሚል መዝሙር ይዘምሩ ነበር። ሰሙ ከነዓን፣ ወርቁ ሰሜን። ጌቶቹ መንፈሳዊ መዝሙር መስሏቸው ያልፉታል።

ከዚያ ወደ ደቡብ፣ ወደ ዶርቸስተር ወረዳ ነዳን። ብላክዋተር የሚባለው ረግረግ እዚህ ነው። ውኃው ጥቁር ነው፤ ሣሩ ሰውን ይውጣል፤ ዳር ዳሩን ጥድ ቆሟል። ትንኙ አያስቆምም። በባርነት የተወለደችው ሃሪየት ተብማን በልጅነቷ በብርድ እዚህ ውኃ ውስጥ እየገባች የእንስሳ ወጥመድ ትፈትሽ ነበር። ባክታውን ላይ፣ መንታ መንገድ ዳር፣ አንድ ትንሽ የእንጨት ሱቅ አለ። አንድ የባሮች አለቃ በሌላ ባሪያ ላይ የወረወረው ሁለት ፓውንድ የሚመዝን የሚዛን ብረት እዚያ ጭንቅላቷን መታት። ሕመሙ ዕድሜዋን ሙሉ አለቀቃትም። ያም ሆኖ በ1849 አመለጠች፤ ከዚያም ወደ 13 ጊዜ ያህል ተመልሳ 70 የሚሆኑ ሰዎችን አወጣች።

ሰዎቹን ጫካ ውስጥ ደብቃ ወጥታ ስትመለስ እየዘመረች ትቀርባለች። “ሙሴ ወደ ግብፅ ውረድ” የሚለውን ከሰሙ አደጋ አለ ማለት ነው፤ ንቅንቅ አይሉም። የእህቴ ልጅ ይህን ስትሰማ ቆም አለች። “አጎቴ፣ እኛ እኮ ይህን መዝሙር መድረክ ላይ ዘምረነዋል” አለችኝ። ከዚያ እዚያው ረግረጉ ዳር ቆማ በለሆሳስ ዘመረችው። ማንም የሙዚቃ መምህር ከዚህ በላይ ሊያስረዳት አይችልም ነበር።

ካምብሪጅ ከተማ ውስጥ ተብማን ከተሰበረ የጡብ ግንብ ወጥታ እጇን ስትዘረጋ የሚያሳይ የግድግዳ ሥዕል አለ። የሚመጣው ሁሉ እጁን እጇ ላይ ያደርጋል። እኛም አደረግን።

የተዘረጋ እጅ ሌላም ነገር ያስታውሳል። ባልቲሞር በ1825 የተወለደችው ጥቁር አሜሪካዊት ገጣሚ ፍራንሲስ ሃርፐር በ1854 “ኢትዮጵያ” የሚል ግጥም አሳትማለች። መነሻዋ “ኢትዮጵያ እጆቿን ወደ እግዚአብሔር ትዘረጋለች” የሚለው የዳዊት መዝሙር ነው። በሃርፐር ግጥም እጆቹ ይደማሉ። ኢትዮጵያ ስትል በባርነት ያለውን ጥቁር ሕዝብ ሁሉ ማለቷ ነው። ግጥሙን መኪና ውስጥ ሳነበው ኮራሁም፣ አፈርኩም። ያኔ በእኛም አገር ሰው ይሸጥ ይለወጥ ነበር፤ ባርነት ፈጽሞ በሕግ የተከለከለው በ1942 ነው። የእኛዎቹ ባሮች ምን እያሉ አንጎራጎሩ? ይህን ከሽማግሌዎች አፍ የሰበሰበ ሰው ካለ ሥራውን ማንበብ እፈልጋለሁ።

ለቀጣዩ ጉብኝታችን ብዙ መንዳት አያስፈልገንም። ደራሲዋ ሃሪየት ቢቸር ስቶው በ1852 ባርነትን የሚያወግዘውን ልብ ወለድ “የአጎት ቶም ጎጆ”ን ስታወጣ መጽሐፉ በአንድ ዓመት ውስጥ አሜሪካ ብቻ 300 ሺህ ቅጂ ተሸጠ። ለቶም መነሻ ከሆኗት ሰዎች አንዱ ጆሳያ ሄንሰን ነው። ባሪያ ሆኖ የሠራበት እርሻ፣ ብዙ ሐበሻ በሚኖርበት በሞንጎመሪ ካውንቲ፣ ኖርዝ ቤቴዝዳ ውስጥ ነው፤ ከ2021 ጀምሮ ሙዚየም ሆኗል። በልብ ወለዱ ቶም ተገርፎ ይሞታል። ሄንሰን ግን በ1830 ሁለቱን ትንንሽ ልጆቹን በጀርባው አዝሎ፣ ከሚስቱና ከሌሎቹ ልጆቹ ጋር ካናዳ ገብቷል። የእህቴ ልጅ እሱ ራሱ የተረከውን የሕይወት ታሪክ ካነበበች በኋላ እንሄዳለን።