«ጁኔንሴይ» የሚባል ክፍል የለም

ጃፓንኛ መማር ከጀመርኩ 14 ወር ሞላኝ። ባለፈው ወር ሰዋስውም ብዙ አልገፋሁ፣ ካንጂም (ከቻይና የመጡትን የጃፓንኛ ፊደላት) ብዙ አልጨመርኩ። ወሩን ሙሉ አንድ ጥያቄ ይዞኝ ከረመ፦ ጃፓን ውስጥ ልጅ በስንት ዓመቱ ስንተኛ ክፍል ይሆናል? ሲሰሙት ቀላል ነው። እኔን ግን ከማንኛውም የሰዋስው ምዕራፍ በላይ አስተምሮኛል። አብራችሁኝ ለምትማሩ ማስታወሻዬን ላካፍላችሁ።

ነገሩ የተነሳው በእህቴ ነው። ቅዳሜ ጠዋት በቪዲዮ የሚያለማምዱኝ አንዲት ጃፓናዊት አሉ። ለብዙ ዓመት አንደኛ ደረጃ አስተምረው አሁን ጡረታ ወጥተዋል። ሴንሴይ፣ መምህር፣ እላቸዋለሁ። ስለ ቤተሰቤ እንድነግራቸው ጠየቁኝ። «እህቴ አስረኛ ክፍል ናት» ለማለት ፈልጌ «ኢሞቶ ዋ ጁኔንሴይ ዴስ» አልኩ። ጁ አስር ነው። ኔንሴይ ደግሞ የእንዲህ ዓመት ተማሪ እንደ ማለት ነው። አስቤበት ነው ያልኩት። ሴንሴይ ግን ግንባራቸውን ቋጠር አድርገው «ጁኔንሴይ?» ብለው ደገሙት። አልገባቸውም።

ስነግራቸው ሳቅ አሉና ወረቀት ላይ ሦስት ካንጂ ጽፈው ወደ ካሜራው አስጠጉት። የመጀመሪያው ሦስት ጭረት ብቻ ነው። መሃል ላይ ቀጥ ያለ፣ ከታች ጫፉ የታጠፈ፤ ግራና ቀኙ ላይ ደግሞ አንዳንድ ትንሽ ጭረት። «ትንሽ» ማለት ነው፤ ሾ ተብሎ ይነበባል። ሁለተኛው ጎኑ ሰፋ ያለ አራት ማዕዘን ሆኖ መሃሉን አንድ ቀጥ ያለ መስመር ከላይ እስከ ታች ሰንጥቆት ያልፋል። «መካከል» ነው፤ ቹ ይባላል። ሦስተኛው ፎቅ ቤት ይመስላል። «ከፍ ያለ» ማለት ነው፤ ኮ። ከዚያ ሦስቱን በጣታቸው እየነኩ «ስድስት፣ ሦስት፣ ሦስት» አሉኝ።

በቃ፣ ሁሉም ነገር እዚህ ውስጥ ነው። ሾጋኮ (አንደኛ ደረጃ) 6 ዓመት፣ ቹጋኮ (መካከለኛ ደረጃ) 3 ዓመት፣ ኮኮ (ከፍተኛ ሁለተኛ ደረጃ) 3 ዓመት። የክፍሉ ቁጥር ደግሞ በየደረጃው እንደገና ከአንድ ይነሳል። እኛ ከ1 እስከ 12 ቀጥ ብለን እንቆጥራለን። እዚያ ግን ስድስተኛ ክፍልን የጨረሰ ልጅ ቹጋኮ ሲገባ ተመልሶ አንደኛ ክፍል ነው። ሰው በአጭሩ «ቹ ኢቺ» ይለዋል። ስለዚህ የእኛ 7ኛ ክፍል ቹ ኢቺ፣ 8ኛ ቹ ኒ፣ 9ኛ ቹ ሳን ነው። እህቴ ደግሞ ኮ ኢቺ ናት። ቁጥሩን ብቻ ብትናገሩ የሚገባው ሰው የለም። መጀመሪያ ደረጃው፣ ከዚያ ቁጥሩ። (ሾጋኮ 4ኛ ክፍል ላይ ተጠንቀቁ፤ ዮንኔንሴይ ሳይሆን ዮኔንሴይ ነው። እኔ ሁለት ሳምንት ስሳሳት ከርሜያለሁ።)

ዕድሜውን ለመያዝ ደብተሬ ላይ ሦስት ቁጥር ጽፌ ከበብኳቸው፦ 6፣ 12፣ 15። በሾጋኮ ክፍሉ ላይ 6 ጨምሩ። በቹጋኮ 12፣ በኮኮ 15። የሚመጣው ልጁ በዚያ የትምህርት ዘመን የሚሞላው ዕድሜ ነው። ሾጋኮ አንደኛ ክፍል 7 ይሞላል። ቹ ኒ 14። ኮ ሳን 18። አኒሜ የምታዩ ሰዎች ሞክሩት። አንዱ ገጸ ባሕርይ «ኮ ኒ» ነኝ ካለ ዘንድሮ 17 ሊሞላው ነው፣ ወይ ሞልቶታል። ለእኔ ከዚህ በኋላ ንግግሮቹ ሁሉ ሌላ ጣዕም አገኙ። ማን ለማን እንደሚታዘዝ፣ ማን ማንን በአክብሮት እንደሚጠራ ከዚህ አንድ ቃል ይታወቃል።

ቀመሩ ለምን እንዲህ ልክ ይመጣል? ሁለት ምክንያት አለው። አንዱ፣ በግዴታ ትምህርት ክፍል መድገም የለም ማለት ይቻላል። የግዴታው ትምህርት ሾጋኮና ቹጋኮ ነው፣ 9 ዓመት። ውጤቱ ደከመም በረታም ልጅ ከዕድሜ እኩዮቹ ጋር ያልፋል። እኔ ሰባተኛ ክፍል ሳለሁ አጠገቤ የሚቀመጠው ልጅ በአራት ዓመት ይበልጠኝ ነበር። ጎበዝ ልጅ ነበር፤ ትምህርት የጀመረው ዘግይቶ ነው። ይህን ለሴንሴይ ስነግራቸው ደጋግመው ጠየቁኝ። እሳቸው ባስተማሩበት ዘመን ሁሉ እንዲህ ያለ ክፍል አላዩም።

ሁለተኛው ምክንያት የቀን መቁረጫው ነው። እዚህ ላይ ሦስት ምሽት ፈጅቻለሁ፤ ከወሩ ሁሉ የወደድኩትም ይህንኑ ነው። የጃፓን የትምህርት ዘመን ኤፕሪል 1 ይጀምራል፤ በእኛ መጋቢት 23 ማለት ነው። የሚያልቀው በማርች 31 ነው። ታዲያ ማንም ሰው ኤፕሪል 1 የተወለደ ልጅ ከዚያ ቀን በኋላ ከተወለዱት ጋር ይማራል ብሎ ይገምታል። አይደለም። አንድ ክፍል ውስጥ ያሉት ከኤፕሪል 2 እስከ ቀጣዩ ዓመት ኤፕሪል 1 የተወለዱት ናቸው። እ.ኤ.አ. ኤፕሪል 1 ቀን 2018 የተወለደ ልጅ ሾጋኮ የገባው በ2024 ነው። በማግስቱ፣ ኤፕሪል 2 የተወለደው ግን በ2025። በአንድ ቀን ልዩነት አንድ ሙሉ ዓመት!

ምስጢሩ ከ1902 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የሚሠራ ስለ ዕድሜ አቆጣጠር የወጣ ሕግ ነው። በዚህ ሕግ ሰው ዕድሜው የሚሞላው በልደቱ ቀን አይደለም፤ የልደቱ ዋዜማ ሲያበቃ ነው። ስለዚህ ኤፕሪል 1 የተወለደው ልጅ ማርች 31 ላይ 6 ሞልቶታል ተብሎ ይቆጠራል። በማግስቱ አዲሱ ዘመን ሲጀምር እሱም ደብተሩን ይዞ ይገባል። የክፍሉ ትንሹ ልጅ ይሆናል።

ከጃንዋሪ 1 እስከ ኤፕሪል 1 ለተወለዱት የራሳቸው ስም አላቸው፦ ሃያኡማሬ። «ቀድሞ የተወለደ» እንደ ማለት ነው። መጀመሪያ ግራ አጋብቶኝ ነበር። በክፍላቸው ትንሾቹ እነሱ ሆነው ሳለ እንዴት ቀድመው ተወለዱ ይባላል? ከዚያ ገባኝ፤ በዓመቱ መጀመሪያ ወራት ስለተወለዱ ነው። ሴንሴይ ስለነዚህ ልጆች ሲያወሩ ድምፃቸው ይለሰልሳል። አንደኛ ክፍል ላይ ኤፕሪል የተወለደውና ማርች የተወለደው ጎን ለጎን ይቀመጣሉ፤ በመካከላቸው አንድ ዓመት ሊሞላ ጥቂት ነው የሚቀረው። አንዱ የጫማ ማሰሪያውን ራሱ ያስራል፣ ሌላው እግሩን ዘርግቶ መምህሯን ይጠብቃል። «ጫማ ማሰር እንጂ ማሰብ አያቅታቸውም» አሉኝ። ይቺን ደብተሬ ላይ ጽፌያታለሁ።

ልዩነቱ በሌላኛው ጫፍም ይታያል። ጃፓን ከኤፕሪል 2022 ጀምሮ የአካለ መጠን ዕድሜን ከ20 ወደ 18 አውርዳለች። ስለዚህ ኮ ሳን ክፍል ውስጥ አንዱ በራሱ ፊርማ የስልክ ውል መግባት ይችላል። አጠገቡ የተቀመጠው ሃያኡማሬ ግን የወላጅ ፈቃድ ያስፈልገዋል።

ክፍልና ዕድሜ እንዲህ ስለተጣበቁ ሰዎች ትምህርት ከጨረሱ በኋላም በዚያው ይቆጥራሉ። «ኢኮ ኡዬ» የሚል አነጋገር አለ፣ «አንድ ከላይ»። ከኔ አንድ ክፍል ይበልጣል ማለት ነው። አንድ ክፍል የሚበልጥ ሴንፓይ ነው፣ የሚያንስ ኮሃይ። በሁለት ወር ብቻ ቢበልጥም ክፍሉ አንድ ከፍ ካለ ሴንፓይ ነው።

ሌላው የታረምኩበት ቃል ተማሪ ነው። እኛ ለሁሉም ተማሪ እንላለን። በጃፓን በመደበኛው አጠራር የሾጋኮ ልጅ ጂዶ ነው፣ የቹጋኮና የኮኮው ሴይቶ፣ የዩኒቨርሲቲው ጋኩሴይ። እህቴን ጋኩሴይ ስላት ሴንሴይ ዝግ ብለው «ሴይቶ» አሉኝ። በወሬ መካከል ጋኩሴይ ለሁሉም ሲባል ትሰማላችሁ። ስትጽፉ ግን ለዩት።

የቀረውን ባጭሩ። ከሾጋኮ በፊት ከ3 ዓመት ጀምሮ ዮቺዬን አለ፤ ወላጆች ሥራ ለሚውሉባቸው ልጆች ደግሞ ከጨቅላነት ጀምሮ የሚቀበል ሆይኩዬን። ኮኮ ግዴታ አይደለም፤ በመግቢያ ፈተና ነው የሚገባው፤ ግን ሁሉም ሰው ማለት ይቻላል ይገባል። ከቹጋኮ ቀጥታ የሚገባበት የ5 ዓመት የቴክኒክ ኮሌጅም አለ፣ ኮሴን ይባላል። ይህ 6-3-3-4 የሚባለው አደረጃጀት የመጣው ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ በ1947 እ.ኤ.አ. ነው፤ መጨረሻ ያለው 4 ዩኒቨርሲቲ ነው፣ ዳይጋኩ። ዳይጋኩ ላይ ቀመሬ ይላላል። ፈተናውን ወድቆ ዓመት ቆይቶ እንደገና የሚፈተን አለና። ሮኒን ይሉታል፣ ድሮ ጌታ ያጣ ሳሙራይ በሚጠራበት ስም።

አንድ ያስደሰተኝ ነገር ልጨምር። ከ2016 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ሾጋኮንና ቹጋኮን በአንድ ያዋሃደ የ9 ዓመት ትምህርት ቤት ተፈቅዷል። በብዙዎቹ ልጆቹ እስከ 9 ድረስ ቀጥ ብለው ይቆጥራሉ። ሰባተኛ ክፍል የሚል ጃፓናዊ ልጅ አለ ማለት ነው።

የካንጂ እቅዴንም በዚሁ አስተካከልኩ። በሾጋኮ የሚማሩት 1026 ካንጂ በክፍል ተከፋፍሏል፤ አንደኛ ክፍል 80፣ ሁለተኛ 160፣ ሦስተኛ 200። 80ውን ጨርሻለሁ። ሾና ቹ እዚያ ውስጥ ናቸው። ኮ የሁለተኛ ክፍል ነው፤ እሱን ገና እየተለማመድኩ ነው።

ባለፈው ቅዳሜ ለሴንሴይ እንደገና ነገርኳቸው። «ኢሞቶ ዋ ኮ ኢቺ ዴስ።» በዚህ ጊዜ ቶሎ ገባቸው። ወዲያው «እንግዲያው ዘንድሮ 16 ይሞላታል» አሉኝ። እህቴ ግን 17 ዓመቷ ነው፤ በመካከል አንድ ዓመት ታማ ቀርታለች። ለእሳቸው ክፍሉ ዕድሜውን ተናግሮ ጨርሷል። ስለዚህ ዓረፍተ ነገሩን ማርዘም ነበረብኝ፤ «ግን» የምትለዋን «ጋ»ን ጨመርኩ፦ «ኮ ኢቺ ዴስ ጋ፣ ጁናናሳይ ዴስ።» ኮ ኢቺ ናት፣ ግን 17 ዓመቷ ነው። ሴንሴይ ራሳቸውን ነቀነቁና ስሟን ጠየቁኝ።