ዋሽንግተን ላይ ራሴን በቲቪ አየሁት

ሙዚየሙ የሚከፈተው በእኛ አቆጣጠር ከረፋዱ 5:30 ነው። እኔ ግን ከ4 ሰዓት ጀምሮ በር ላይ ተገትሬያለሁ። የአክስቴ ልጅ ወደ ሥራው ሲሄድ እዚያው ጣል አድርጎኝ አለፈ። "መግቢያው በነጻ ነው፣ ገብተህ ተዝናና" ያለኝ እሱ ነው። ሰዓቱን የነገረኝ ግን የለም።

የስሚዝሶኒያን የአሜሪካ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ብዙ ሥዕል አለው። አብዛኛውን በቁሜ አለፍኩት። የመጣሁት ሦስተኛ ፎቅ ላለው፣ በቴሌቪዥን ጥበብ ይሠራ ለነበረው ለኮሪያ ተወላጁ አርቲስት ለናም ጁን ፓይክ ሥራ ነው።

አዳራሹ ጨለም ይላል። ፊት ለፊት በኒዮን መብራት የተሠራ የአሜሪካ ካርታ ቆሟል፤ ወርዱ 12 ሜትር ገደማ ነው። በየግዛቱ ቴሌቪዥን ታጭቋል፣ በጠቅላላው 336። ሁሉም አንድ ላይ ይጮኻሉ። አይዳሆ ላይ ድንች ያሳያል። ድንች! ብቻዬን ሳቅሁ።

ፓይክ እ.ኤ.አ. በ1932 ሴኡል ተወለደ፤ በ1950 ከኮሪያ ጦርነት ሸሽቶ ከቤተሰቡ ጋር ተሰደደ። ኒውዮርክ የገባው በ1964 ነው። በዓመቱ አንድ ቴሌቪዥን ላይ ትልቅ ማግኔት አስቀመጠ። ማግኔቱ ሲንቀሳቀስ ምስሉ ይጣመማል። ቀልድ ይመስላል። እኔ ግን ያደግሁት ቲቪ ባለው ጎረቤት ቤት፣ መሬት ተቀምጬ፣ "እንዳትነኩት!" እየተባልኩ ነው። ሰውየው ደግሞ ንኩት ባይ ነው። ካርታውን የሠራው ከ30 ዓመት በኋላ፣ በ1995 ነው፤ ስሙንም "ኤሌክትሮኒክ ሱፐርሃይዌይ" አለው።

ካርታው ላይ ዋሽንግተን ዲሲ የት እንዳለች ለማግኘት ዓይኔ ደከመ። አንዲት ትንሽዬ ስክሪን ናት። ጠጋ ብዬ ሳይ አንድ ጃኬት የለበሰ ሰው አፉን ከፍቶ ቆሟል። ለካ እኔው ነኝ! ካሜራ ተደርጎ ተመልካቹን በቀጥታ ያሳያል። እጄን አወዛወዝኩ፣ አወዛወዘ። ከድንቹም ከኒዮኑም ይልቅ የወደድኩት ይሄንን ነው።

ወዲያው እማዬ ጋ በኢሞ ደወልኩ። ኔትወርኩ ይቆራረጣል። ስልኬን ወደ ትንሿ ስክሪን አዞርኩላት።

"አየሽ? እዚያ ውስጥ ያለሁት እኔ ነኝ።"

ምስሉ ደረቀ። ትንሽ ቆይቶ ድምጿ መጣ።

"ምነው ልጄ፣ ከሳህሳ! አይበሉም እንዴ እነዚህ?"