ሸሪኬ ያልከፈለውን ጡረታ እኔ ከፈልኩ

የቤት ዕቃ መሥሪያችንን ስንከፍት ሥራ ተከፋፈልን። እንጨቱ የኔ፣ ወረቀቱ የሸሪኬ። የግብርና የጡረታ ክፍያ የእሱ ኃላፊነት እንደሆነ ስምምነታችን ላይ አስገባን። እኔም ፈርሜ ወደ ማሽኔ ሄድኩ።

ጉዱን የሰማሁት ከቀቢያችን ነው። ሁላችንም ጋሼ ነው የምንላቸው፤ ስልሳ ሊሞላቸው ትንሽ ቀርቷቸዋል። አንድ ጠዋት ፌስታል ይዘው መጡ። በየወሩ የሰጠናቸው የደመወዝ ወረቀት አንድም ሳይጎድል ታጥፎ ውስጡ አለ። አንዱን ዘረጉና በጣታቸው አሳዩኝ፦ ደመወዝ 8,000፣ የጡረታ መዋጮ 560።

«ይቺን በየወሩ ቆርጣችኋል አይደል? ሄጄ ሳስጠይቅ የ14 ወሩ አልገባም አሉኝ።»

ድምፃቸውን እንኳ ከፍ አላደረጉም። እኔ ግን ቀና ብዬ ላያቸው አልቻልኩም።

ሸሪኬ አልካደም። እንጨት ሲወደድና ደንበኛ ክፍያ ሲያዘገይ በዚያ ብር ዕቃ ገዝቶበታል። በሚቀጥለው ወር እተካዋለሁ ሲል ወሩ ወር ወለደ። ከሠራተኛው 7 በመቶ ይቆረጣል፣ አሠሪው 11 በመቶ ይጨምራል። በ8,000 ብር ደመወዝ በወር 1,440 ብር ማለት ነው። አራቱም ሠራተኞቻችን ደመወዛቸው እኩል ስለሆነ የ14 ወሩ 80,640 ብር ሆነ፤ ወለድና መቀጫው ሳይቆጠር። እኔን ያንገበገበኝ 560ዋ ናት። እሷ መጀመሪያውኑ የኛ ገንዘብ አልነበረችም።

ስምምነቱን ይዤ ጠበቃ ጋ ሄድኩ። ነጻ የሚያወጣኝ መስሎኝ ነበር። አንቀጹን አነበበችና «ይሄ የሚሠራው በሁለታችሁ መካከል ብቻ ነው» አለችኝ። የኛ የኅብረት ሽርክና ማኅበር ነው። በዚህ ዓይነት ማኅበር ሸሪኮች ለማኅበሩ ዕዳ በአንድነትና በነጠላ ተጠያቂ ናቸው። ማኅበሩ መክፈል ካቃተው ግማሽ ግማሽ ተካፍለናል ብንልም ባለገንዘቡ አይሰማንም። ሙሉው ዕዳ ከአንዳችን፣ ከግል ንብረታችን ጭምር ሊጠየቅ ይችላል። የከፈለው ሰው የሌላውን ድርሻ ከሸሪኩ የመጠየቅ መብት አለው፤ ይሄ ግን በኋላ የሚመጣ ነው። ኃላፊነቱ የተወሰነ የግል ማኅበር ብናቋቁም ኖሮ በመርህ ደረጃ ተጠያቂነታችን ካዋጣነው ካፒታል አያልፍም ነበር። ሽርክናውን ስንመርጥ ይሄን ልዩነት ቁጭ ብለን አልተነጋገርንበትም።

«አሁን ብወጣስ?» አልኳት።

«ከመውጣትህ በፊት የተፈጠረው ዕዳ ይከተልሃል።»

ተቆጣጣሪ መጥቶ እስኪጠይቀን አልጠበቅንም። ሁለታችንም ቁጭ ብለን የደመወዝ መክፈያውን ወር በወር አወጣን፣ አሳወቅን፣ ከፈልን። የማኅበሩ ሒሳብ ግማሹን እንኳ አልሸፈነም። ቀሪውን ለቤት ብዬ ካጠራቀምኩት አወጣሁ። ሚስቴን ማስረዳት ከሁሉም ከብዶኛል፤ እሷ ሳትፈርም ነው ገንዘቧ የሄደው። ከዚያ ሸሪኬ ድርሻውን ከትርፉ እየተቀነሰ እንዲመልስልኝ በጽሑፍ ተዋዋልን። በቃል ቢሆን ኖሮ ወዳጅነታችንም አይተርፍም ነበር።

ሽርክና ልትገቡ ያሰባችሁ ካላችሁ፣ ሥራ መከፋፈል ጥሩ ነው። ደረሰኙን ግን ለሸሪካችሁ አትተዉት። «ከፍለሃል ወይ?» ብሎ መጠየቅ አይበቃም፤ እኔም እጠይቅ ነበር፣ «አዎ» ይለኝ ነበር። የባንኩን ደረሰኝ በዓይናችሁ እዩ፤ አብሮት የቀረበው ዝርዝር ላይ ያለው የሠራተኛው ስምና ወሩ ከደመወዝ መክፈያው ጋር መግጠሙንም አመሳክሩ። ሒሳቡ ላይ ሁለት ፊርማ ይኑር። እኛ አሁን ለጡረታና ለግብር የሚሄደውን ብር ደመወዝ በከፈልንበት ቀን ለይተን እናስቀምጠዋለን፤ እንጨት ቢወደድም አይነካም።

ደረሰኙንና የስም ዝርዝሩን ኮፒ አድርገን የመሥሪያው በር ላይ እንለጥፋለን። ጋሼ በየወሩ መነጽራቸውን አድርገው ስማቸውን ይፈልጋሉ። ሲያገኙት ቁጥሩን ፌስታላቸው ውስጥ ካለው ወረቀት ጋር ያስተያዩና ወደ ቀለማቸው ይመለሳሉ።