ኢያን ሆልም ከመድረክ የራቀባቸው ዓመታት

ሰሞኑን ማታ ማታ የእንግሊዛዊውን ተዋናይ የኢያን ሆልምን ሥራዎች እያየሁ ነው። ስሙን ስጠራ ብዙ ሰው አያውቀውም። «ዘ ሎርድ ኦፍ ዘ ሪንግስ» ላይ ቀለበቱን ለፍሮዶ ትቶ የሚሄደው ሽማግሌው ቢልቦ ስላቸው ግን «ውይ፣ እሱ ነው እንዴ?» ይሉኛል። አዎ፣ እሱ ነው። በኋላ በ«ዘ ሆቢት» ፊልሞች ለጥቂት ትዕይንቶች ሲመለስ የፓርኪንሰን በሽታ ይዞት ስለነበር ኒውዚላንድ ድረስ መሄድ አልቻለም። የእሱን ክፍል እንግሊዝ አገር ቀረጹለት። በ2020 በ88 ዓመቱ አረፈ። (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

እኔ ግን አእምሮዬ የሚመላለሰው ቢልቦ ላይ ሳይሆን በ1976 የደረሰበት ነገር ላይ ነው።

ሆልም ያን ጊዜ ጀማሪ አልነበረም። በ1954 የሼክስፒር የትውልድ ከተማ ስትራትፎርድ ያለው ቲያትር ሲገባ ጦር ይዘው ከኋላ ከሚቆሙት አንዱ ነበር። ዐሥር ዓመት ቆይቶ የሼክስፒርን ሪቻርድ ሦስተኛንና ሄንሪ አምስተኛን የሚጫወት ሰው ሆኗል። የጸሐፌ ተውኔቱ የሃሮልድ ፒንተር «ዘ ሆምካሚንግ» ላይ ሌኒ የሚባለውን ሰው ተጫውቶ፣ ተውኔቱ ኒውዮርክ ሲሄድ በ1967 የአሜሪካን የቲያትር ሽልማት ቶኒን ወሰደ።

ከዚያ በ1976 ለንደን፣ ኦልድዊች ቲያትር። የዩጂን ኦኒል «ዘ አይስማን ካምዝ» ሊታይ ነው። የሆልም ሚና ሂኪ የሚባለው ተዘዋዋሪ ሻጭ ነው። ይህ ሰው ወደ መጨረሻው ላይ የሚናገረው ንግግር እጅግ ረጅም ነው፤ ተዋናዩን ብቻውን ያስቀረዋል። ትርኢቱ በይፋ ከመከፈቱ በፊት፣ በሙከራ ቀናቱ፣ ሆልምን ፍርሃት ያዘው። ትርኢቱን አቋርጦ ወጣ። መልበሻ ክፍል ውስጥ ተኮራምቶ አገኙት። ሚናው ለሌላ ተዋናይ ተሰጠ። እሱም እስከ 1993 ድረስ ከመድረክ ራቀ ማለት ይቻላል።

ሥራዬ ሰው ፊት ቆሞ መናገር ነው። ልብ ሲደልቅ፣ ምላስ ከላንቃ ጋር ሲጣበቅ ምን እንደሚመስል አውቀዋለሁ። ለዚህም ነው ይህ ታሪክ የሚያመኝ። ፍርሃት በልምድ ብዛት ይለቃል ይሉናል። ሆልም ላይ ግን የመጣው ከ20 ዓመት ልምድ በኋላ፣ ሙያውን ጠንቅቆ ካወቀ በኋላ ነው። ምን ያህል ነገር ሊበላሽ እንደሚችል የሚያውቀው እኮ ባለሙያው ራሱ ነው።

እነዚያን ዓመታት ካሜራ ፊት አሳለፋቸው። በ1979 «ኤሊያን» የሚባለው ፊልም ላይ አሽ የሚባለውን ሰው ሆነ። የጠፈር መርከቧ ውስጥ ሰው ሁሉ ሲርበተበት እሱ ብቻ ረጋ ይላል። ሰው አለመሆኑ የሚታወቀው በኋላ ነው። ሁለተኛ ጊዜ ሲያዩት ያ እርጋታ ራሱ ያስፈራል።

ከሁሉም የምወደው ግን የ1981ዱ «ቻሪየትስ ኦፍ ፋየር» ነው። ሆልም የሯጩ የሃሮልድ አብራሃምስ አሠልጣኝ ሳም ሙሳቢኒ ነው። የ1924 የፓሪስ ኦሎምፒክ ነው። ተማሪው ለ100 ሜትር ሲሮጥ አሠልጣኙ ስታዲየም ውስጥ የለም፤ ሆቴል ክፍሉ ውስጥ ተቀምጧል። ውድድሩን አያይም። ያሸነፈው ማን እንደሆነ የሚያውቀው ከመስኮቱ ባሻገር የእንግሊዝ ባንዲራ ሲወጣና መዝሙሩ ሲሰማ ነው። ያኔ አልጋው ላይ ተቀምጦ ኮፍያውን በቡጢ ይበሳዋል። ደስታውን የሚካፈለው ሰው አጠገቡ የለም። ሺህ ሰው ስታዲየም ውስጥ ይጮኻል፤ እሱ ብቻውን ክፍል ውስጥ ነው። ከተመልካች ፊት የሸሸ ተዋናይ ይህን መጫወቱን ሳስብ ዕንባ ይተናነቀኛል። በካን የፊልም ፌስቲቫል ተሸለመበት፤ የእንግሊዝን የፊልም ሽልማት ባፍታንም አገኘበት፤ ለኦስካርም ታጨ።

በ1993 ወደ መድረክ የመለሰው ፒንተር ነው። «ሙንላይት» በሚለው ተውኔት ለንደን ባለው በአልሜዳ ቲያትር፣ አልጋ ላይ ተኝቶ ከሚስቱ ጋር የሚነታረክ ሊሞት የተቃረበ ሰው ሆነ።

በ1997 ደግሞ የሼክስፒር «ንጉሥ ሊር» መጣ። ሆልም 65 ዓመቱ ነበር። አዘጋጁ ሪቻርድ አየር ነው። ቦታው የናሽናል ቲያትር ትንሹ አዳራሽ፣ ኮተስሎ። ተመልካቹ አጠገቡ ነው፤ መደበቂያ የለም። ማዕበሉ ትዕይንት ላይ ልብሱን ሁሉ አውልቆ ራቁቱን ቆመ። የለንደንን የቲያትር ሽልማት ኦሊቪዬን አገኘበት። እኔ ያየሁት ለቴሌቪዥን የተቀረጸውን ነው፤ ያም ቢሆን ይበቃል።

«ፍርሃቱን አሸነፈ» የሚለው አባባል አይዋጥልኝም። ሊር ራሱ የሚፈራ ሰው ነው። አእምሮዬን እንዳልስት ብሎ ሰማይን ይለምናል። ሆልም ደግሞ አባቱ የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል ኃላፊ ነበር፤ ልጅነቱን ያሳለፈው እዚያ ግቢ ውስጥ ነው። አእምሮ ሲናጋ ምን እንደሚመስል በልጅነቱ አይቷል፤ በ1976 ደግሞ በራሱ ላይ ቀምሶታል። ሊርን ሲጫወት ፍርሃቱን ውጭ ጥሎት የገባ አይመስለኝም፤ ይዞት ነው የገባው።