በህንድ የስፔሻሊቲ መግቢያ ቀን ካለፈ በኋላ ፍርድ ቤት ምን ያደርጋል?

በህንድ ጠቅላላ ሐኪም ስፔሻሊስት ለመሆን ሲፈልግ ኒት ፒጂ የተባለውን አገር አቀፍ ፈተና ይወስዳል፤ ከዚያም ባገኘው ደረጃ መቀመጫ ይደለደልለታል። ፈተናውን በጥሩ ውጤት አልፈው በኮሌጁ የመግቢያ ቀነ ገደብ ምክንያት የሚቀሩ ግን አሉ። የእነሱ አቤቱታ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ደጋግሞ የሚያየው ጉዳይ ሆኗል። (እዚህ የምጠቅሳቸው ቀኖች በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ፍርድ ቤቱ በ2002 ትምህርት ከተጀመረ በኋላ በመሀል ተማሪ ማስገባት እንደማይፈቀድ ወሰነ። በ2012 ደግሞ የጊዜ ሰሌዳውን የሚጥስ ባለሥልጣን ፍርድ ቤትን በመድፈር እንደሚጠየቅ አስጠነቀቀ። በ2016 በጸደቀው ሰሌዳ መሠረት የስፔሻሊቲ ትምህርት ሜይ 1 ይጀመራል፤ የመጨረሻው መግቢያ ሜይ 31 ነው። ከኮቪድ ወዲህ ቀኖቹ በየዓመቱ ቢገፉም መርሁ አልተነካም።

እንዲህ የጠበቀው ያለ ምክንያት አይደለም። ድልድሉ ሰንሰለት ነው። አንዱ ሐኪም ወደ ተሻለ መቀመጫ ሲያልፍ የለቀቀው ለሌላው ይደርሳል፣ የዚያኛውም ለሚቀጥለው። አንድ ቀን ጨምሩልን ማለት ሰንሰለቱን ከመሀል መፍታት ነው፤ ቀድመው የገቡት ሁሉ «እኔም ልቀይር» የሚል ጥያቄ ይዘው ይመጣሉ።

ይህ በ2019 በግልጽ ታየ። የግል ኮሌጆችን የሚወክል ማኅበር ከአንድ ሺህ በላይ መቀመጫ ባዶ ቀርቷልና ቀኑ ይራዘም ብሎ አመለከተ። ፍርድ ቤቱ ቁጥሮቹን ዘርዝሮ አየ። ዲምድ በሚባሉት (መንግሥት የዩኒቨርሲቲ ደረጃ በሰጣቸው) ተቋማት ከቀሩት 603 መቀመጫዎች ክሊኒካል የሆኑት፣ ማለትም ታካሚ በቀጥታ የሚታከምባቸው ዘርፎች፣ 31 ብቻ ነበሩ። ሌሎቹ 572ቱ እንደ አናቶሚ፣ ፊዚዮሎጂና ባዮኬሚስትሪ ያሉ፣ በየዓመቱ ፈላጊ የሚያጡ ትምህርቶች ናቸው። ማራዘሚያው ተከለከለ። ጁን 10 ቀን 2022 ላይም 1,456 ባዶ መቀመጫዎች ልዩ ዙር ይከፈትላቸው የሚለው ጥያቄ ውድቅ ሆነ። ትምህርቱ ከተጀመረ ወራት አልፈው ነበር፤ የቀጣዩ ዓመት ፈተናም ሜይ 21 ተሰጥቷል። ውሳኔው ትክክል ነበር ብዬ አምናለሁ። ባዶ ወንበር ቢያስቆጭም፣ የሦስት ዓመት ሥልጠና ላይ ወራት ዘግይቶ የሚገባ ሬዚደንት የሚያጣው የታካሚ ልምድ በማካካሻ ክፍል አይመለስም።

የሚከብደው ሐኪሙ ምንም ሳያጠፋ ሲቀር ነው። በሰዓቱ ደርሶ ኮሌጁ ክፍያ አልቀበልም ካለውና መቀመጫውን በደረጃ ለሚያንሰው ከሰጠውስ? ዲሴምበር 2019 ላይ ሦስት ዳኞች ለመጀመሪያ ዲግሪ ሕክምና (ኤምቢቢኤስ) መስፈርት አስቀመጡ፦ አመልካቹ ጥፋት የሌለበት፣ በውጤቱ የሚገባው፣ ሳይዘገይም የከሰሰ ከሆነ፣ በተለየ ሁኔታ ከመጨረሻው ቀን በኋላ ባለው አንድ ወር ውስጥ ሊገባ ይችላል። ካልተቻለ የሚቀጥለው ዓመት መቀመጫ ወይም ካሳ አለ። የአንድ ወሩ በር ለስፔሻሊቲ አልተከፈተም። ኖቬምበር 2020 ላይ የተወሰነው የአንዲት ሐኪም የስፔሻሊቲ ጉዳይ ይህን ያሳያል። ከፍተኛው ፍርድ ቤት በዚያው ዓመት ተጨማሪ መቀመጫ ይፈጠር ብሎ ነበር፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ይህን ሻረ። በምትኩ ከኮሌጁ የማኔጅመንት ኮታ (ለኮሌጁ አስተዳደር ከተመደበው ድርሻ) የሚቀጥለው ዓመት አንድ የጠቅላላ ቀዶ ሕክምና መቀመጫ እንዲሰጣት፣ ኮሌጁም 1 ሚሊዮን ሩፒ እንዲክሳት አዘዘ። መብቷ ተረጋግጦም አንድ ዓመት አለፋት።

ስለዚህ ሁሉም ነገር በሰዓታት ይለካል። ኮሌጅ የሚሄድ ሰው የመጨረሻውን ቀን አይጠብቅ፤ ዋና ሰነዶቹን፣ የድልድል ደብዳቤውንና ክፍያውን አዘጋጅቶ ቀድሞ ይድረስ። አንቀበልህም ከተባለ የቃል እምቢታ ይዞ አይውጣ። ምክንያቱን በጽሑፍ ይጠይቅ፤ ካልሰጡት እዚያው ግቢ ውስጥ ሆኖ ለኮሌጁና ለድልድል ኮሚቴው ኢሜይል ይላክ፣ ምክንያቱም የኢሜይሉ ሰዓት ማስረጃ ነው። በአካል መቅረብ ብቻም አይበቃም፤ ኮሌጁ በኦንላይን ሥርዓቱ «ገብቷል» ብሎ መዝግቦ የሚወጣው የመግቢያ ደብዳቤ በእጅ መሆን አለበት።

ጠበቃው በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 226 ለከፍተኛው ፍርድ ቤት ሲያመለክት የመጀመሪያው ጥያቄ መቀመጫው ለሌላ እንዳይሰጥ የሚያግድ ጊዜያዊ ትእዛዝ ይሁን። ብዙዎች «አስገቡኝ» ብለው ይጀምራሉ፤ ዳኞች ግን ጊዜያዊ መግቢያ መስጠት አይወዱም፣ ክሱ ቢሸነፍ የተማረውን ሰው ማስወጣት ሌላ ጣጣ ነውና። መቀመጫው አስቀድሞ ለሌላ ተሰጥቶ ከሆነ ያ ሰው በክሱ ውስጥ መካተት አለበት። እሱ ሳይሰማ መቀመጫው አይነጠቅም፤ አቤቱታው በዚህ ጉድለት ብቻ ሊወድቅ ይችላል። ከቀነ ገደቡ በፊት የቀረበና በኋላ የቀረበ አቤቱታ ዕጣቸው የተለያየ ነው። ለዳኛው ሁለት ሳምንት ቤት ተቀምጦ ከመጣ አመልካች ይልቅ በማግስቱ የመጣው ይታመናል።

ሌላው የክርክር ምንጭ የኢንተርንሺፕ ማጠናቀቂያ ቀን ነው፤ ይህም ለስፔሻሊቲ ለመወዳደር የሥራ ልምምዱ ማለቅ ያለበት ቀን ነው። በ2023 ቀኑ ከማርች 31 ወደ ጁን 30፣ ቀጥሎም ወደ ኦገስት 11 ተገፋ፤ በኮቪድ ምክንያት ልምምዳቸው ለዘገየባቸው ይህ እፎይታ ነበር። ፈተናውም ይራዘም የሚለውን ግን ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ፌብሩዋሪ 27 አልተቀበለም፤ ማርች 5 እንደተያዘለት ተሰጠ።